አምስተኛው እኔ ነበርሁ

ከሁሉ አስቀድሜ አንድ ነገር ልንገራችሁ፤ እኔ ቶሎ የሚደነቅ ሰው አይደለሁም። ጎንደር ፒያሳ ላይ የመኪና መለዋወጫ ስሸጥ ሃያ ስድስት ዓመት ሆኖኛል። በዚህ ሥራ ላይ የቆየ ሰው የሚነገረውን ሁሉ በግማሽ ጆሮው ነው የሚሰማው። ደንበኛ "ይኸ ዕቃ አዲስ ነው" ቢለኝ ገልብጬ አያለሁ። ሰው "ጉድ ነው! ተአምር ነው!" ሲል እኔ "እስኪ ቆይ" እላለሁ። ባለቤቴ ስትቀልድብኝ "አንተን ለማስደነቅ ሰማዩ ራሱ መውረድ አለበት" ትል ነበር። እውነትም አንድ ቅዳሜ ሰማዩ ወርዶ ከእግሬ በታች አየሁት። የማጫውታችሁ ስለዚያች ቅዳሜ ነው።

ነገሩ የሚጀምረው ከልጄ ነው። ትርንጎ ትባላለች፤ የመጨረሻዋ ናት። ዩኒቨርሲቲ ገብታ ቱሪዝም ተማረች። ስትመረቅ በግ አርጄ፣ ጎረቤት ጠርቼ፣ አሁን እንግዲህ ቢሮ ትገባለች ብዬ ስጠብቅ፣ እሷ የጫማዋን ክር አጥብቃ ስሜን ተራሮች ወጣች። የፓርክ አስጎብኚ ሆነች።

"ፈረንጅ በጠፋበት ዘመን ማንን ነው የምታስጎበኚው?" አልኋት።

"የአገሬን ሰው።"

"ያገር ሰው ደግሞ ገደል ለማየት ብሎ ይመጣል?"

"ይመጣል አባዬ። ያልመጣኸው አንተ ብቻ ነህ።"

ይህን ስትለኝ ሳቅሁ እንጂ ነገሩ አላስተኛኝም። ቀሐ የሚኖር የእድር ጓደኛዬ "ልጅህን ደባርቅ ላይ ጠመንጃ ከያዘ ሰውዬ ጋር አየኋት" ብሎ ነገረኝ። ጠመንጃ የያዘው ሰው የፓርኩ ጠባቂ እንደሆነ፣ ያለ ጠባቂ ማንም ጎብኚ እንደማይገባ አውቃለሁ። ቢሆንም ወሬው አንገቴን አስደፋኝ። የእኔ ልጅ ከማያውቋት ሰዎች ጋር ገደል ለገደል ስትዞር መዋሏ ምንም አልዋጥልህ አለኝ።

በመጨረሻ የአክስቴ ልጅ አዘዞ ካለ አንድ መሥሪያ ቤት ቦታ አፈላልጎ አገኘላት። የሚሞላ ቅጽ ሰጠኝና "ፈርማ ሰኞ ጠዋት ይዛ ትምጣ" አለኝ። ማታ ለትርንጎ አቀበልኋት። አነበበችው፤ ትቆጣለች ብዬ ስጠብቅ አልተቆጣችም።

"ቅዳሜ ሦስት እንግዶች አሉኝ" አለች። "ደርሶ መልስ ነው። አንተም አብረኸኝ ዋል። ስንመለስ 'ተይው' ካልኸኝ ያለ አንዲት ቃል እፈርማለሁ።"

"ቃልሽ ነው?"

"ቃሌ ነው። አይተህ ግን ነው የምትለኝ፤ ሳታይ አይደለም።"

ቅጹን መልሳ ሰጠችኝ። አጥፌ ኮቴ ደረት ኪስ ውስጥ ከተትሁት። ማታ ስንመለስ ምን እንደምላት ገና ሳልነሳ አውቀው ነበር።

ቅዳሜ ሊነጋጋ ሲል በሚኒባስ ወጣን። እንግዶቹ ከአዲስ አበባ የመጡ አዲስ ተጋቢዎችና ከባሕር ዳር የመጣች አልማዝ የምትባል መምህርት ናቸው። ደባርቅ ስንደርስ ትርንጎ ቢሮ ገብታ አስመዘገበችንና ከአንድ ጋቢ ለባሽ ሽማግሌ ጋር ወጣች። አያ ደረበ ይባላል፤ ያ ወሬ ያስወራው ባለ ጠመንጃ ጠባቂ መሆኑ ነው። ከእኔ በአሥር ዓመት ይበልጣል፤ ጥርሱ ያለቀ፣ ዓይኑ ግን የሚስቅ ሰው ነው።

"የትርንጎ አባት አንቱ ነዎት?" አለኝ ሁለት እጄን ይዞ። "ሸጋ ልጅ አለችዎት። ምነው እስከ ዛሬ ሳይመጡ ቀሩ?"

ሱቁን አመካኘሁ።

ፓርኩ ውስጥ ሳንቃ በር ከሚባለው ቦታ አጠገብ ሚኒባሱን ከነሾፌሩ ትተን ከመራመዳችን በፊት ትርንጎ ሰበሰበችን። "እዚህ ጉም ሳይታሰብ ይወርዳል" አለች። "ስለዚህ ለእያንዳንዳችሁ ቁጥር እሰጣለሁ። 'ቁጥር!' ስል በየተራ ጮክ ብላችሁ ትመልሳላችሁ። ጉም ከወረደ ደግሞ ማንም አይንቀሳቀስ፤ ባላችሁበት ቁጭ ነው።" ሙሽራውን አንድ፣ ሙሽሪትን ሁለት፣ መምህርቷን ሦስት፣ አያ ደረበን አራት፣ እኔን አምስት አለችን። "እስኪ እንሞክረው። ቁጥር!"

"አንድ!" "ሁለት!" "ሦስት!" አሉ። አያ ደረበ እንደ ወታደር ቀጥ ብሎ "አራት!" አለ። እኔ ዝም።

"አምስት?" አለች ትርንጎ።

"በግ መሰልሁሽ እንዴ የምትቆጥሪኝ?"

ሙሽሮቹ ሳቁ። እሷ አልሳቀችም፤ ትንሽ ዓይን ዓይኔን አየችኝና "እሺ፣ አምስት አለ" ብላ ፊት ፊት ሄደች።

እውነቱን ልናገርና አገሩ ደስ ይላል። መሬቱ ጦስኝ ጦስኝ ይሸታል፤ በረገጥነው ቁጥር ሽታው ይነሣል። አስታ ዛፎቹ ላይ ሽበት የመሰለ ነገር ተንጠልጥሏል። ጅብራ የሚባሉት ረዣዥም ተክሎች ብቻቸውን በሜዳው ላይ ተገትረዋል። ዋናው ነገር ግን ገደሉ ነው ተብሎ ነበር፤ እሱን ሊያሳዩን ሦስት ቦታ ወሰዱን፤ ሦስቱም ቦታ ሸለቆው እስከ አፉ ድረስ በደመና ተሞልቶ ጠበቀን። ሙሽሮቹ ነጩን ነገር ፎቶ ያነሣሉ። እኔ በልቤ "ይኸው ነው እንዴ?" አልሁ፤ ደስም አለኝ። ኪሴን ዳበስ አደረግሁ፤ ቅጹ አለ።

ቀጥሎ ጭላዳ የሚባሉት ዝንጀሮዎች መጡ። ስንት መቶ እንደሆኑ እንጃ፣ ሜዳውን ሞልተው ቁጭ ብለው በሁለት እጃቸው ሣር እየነጩ ይበላሉ። ደረታቸው ላይ ቀይ ምልክት አላቸው። ትርንጎ ተንበርክካ በሹክሹክታ ለእንግዶቹ ታስረዳለች፤ የት እንደሚያድሩ፣ ከምን እንደሚሸሹ፣ ወዴት እንደሚሸሹ። ይህን ሁሉ ስትናገር እኔ ከአያ ደረበ ጋር ስለ ጠመንጃው ዕድሜ እያወራሁ ነበር። ልጄ ስታስተምር ቆሜ ልሰማት አልፈለግሁም። ያን ሰዓት ጆሮዬን ሰጥቻት ቢሆን ኖሮ የምነግራችሁ ታሪክ አይኖረኝም ነበር።

ምሳ በልተን ከፔርሙስ ሻይ ጠጣን፤ እኔ ሦስት ኩባያ። ዘጠኝ ሰዓት ገደማ ሲሆን ሻዩ መውጫ ፈለገ። እንግዲህ አስቡት፤ ልጄ አለች፣ ሙሽሪት አለች፣ መምህርት አለች። በቅርብ ያለው አስታ ዛፍ አንድ ሰው በደንብ ይሸፍናል። እኔ ግን ልጄ እያለች ብዬ አልፌው ሄድሁ። ሁለተኛውንም አለፍሁት። "አባዬ፣ አትራቅ" ስትል ሰምቻታለሁ። እንዳልሰማ ሆኜ ቁልቁል ወረድሁ፤ ጀርባዬን ሰጥቼ ጉዳዬን ፈጸምሁ።

ቀበቶዬን እያጠበቅሁ ቀና ስል አስታው የለም። ቀጥሎ ጅብራው ጠፋ። ቀጥሎ ጫማዬ ጠፋ። ጉሙ እንዲህ ሲወርድ ድምፅ የለው፣ ነፋስ የለው፤ ዝም ብሎ መጥቶ አገሩን ወሰደው። ወዲያ ዞር አልሁ፣ ወዲህ ዞር አልሁ። ሁለት ጊዜ ከዞርሁ በኋላ በየት በኩል እንደመጣሁ ጠፋኝ።

"ቁጥር!" የሚል የትርንጎ ድምፅ ሰማሁ።

"አንድ!" "ሁለት!" "ሦስት!" "አራት!"

ዝም።

"አምስት!"

ያን ጊዜ "አምስት" ብል ኖሮ ነገሩ እዚያው ያልቅ ነበር። ግን ጠዋት አልልም ያልሁትን አሁን ቀበቶዬን ይዤ ልጩኸው? ዝም ብዬ እደርስባቸዋለሁ አልሁ። ችግሩ፣ የልጄ ድምፅ አንድ ጊዜ ከፊቴ፣ ወዲያው ደግሞ ከጀርባዬ ይመጣል። የገደል ማሚቶ ነው፤ የትኛው እሷ እንደሆነች መለየት አልቻልሁም።

በዚያ መሐል የሣር መነጨት ድምፅ ሰማሁ። ጭር፣ ጭር ይላል። ግራዬም ቀኜም ጭላዳዎቹ አሉ። ጉሙ እግሬ ሥር ትንሽ ሳሳ ሲል አንዷ ልጅ ያዘለች እናት በአጠገቤ አልፋ ሄደች፤ ከኋላዋ ሌላ፣ ከኋላው ሌላ። መብላቱን ትተው ሁሉም ወደ አንድ አቅጣጫ እየሄዱ ነው። ልቤ ረጋ። እኔ ጠዳ ያደግሁ ሰው ነኝ። እዚያ ጉም ሲወርድ አባቴ ያስተማረኝ አንድ ነገር ነው፤ ከብቱን ተከተል፣ ከብት ቤቱን አይስትም። ብዙ ጊዜ አውጥቶኛል። ስለዚህ ጎንበስ ብዬ ጭላዳዎቹን መከተል ጀመርሁ። መሬቱ እየተንሸራተተ ይወርዳል፤ ሣሩም እየረዘመ ሄደ። ሃያ እርምጃ፣ ሠላሳ እርምጃ ሄድሁ። ባለ ቤቶቹ ይመሩኛል ብዬ ኮራሁ እንኳ።

"አባዬ!"

አሁን "አምስት" አላለችም። ድምፁ ትንሽ ልጅ ሳለች ሕልም አስፈርቷት የምትጠራኝ ድምፅ ነው። ይሄንን ሰምቼ ዝም ማለት አልቻልሁም።

"አቤት!"

"የት ነህ?"

"እየመጣሁ ነው፤ አትስጊ!"

"በምን አውቀህ ነው የምትመጣው?"

"ዝንጀሮዎችሽን ተከትዬ! ወደ ቤታቸው እየሄዱ ነው!"

ቀጥሎ የመጣው ድምፅዋ እስከ ዛሬ ጆሮዬ ውስጥ አለ።

"አባዬ፣ ቁጭ በል።"

"እርጥብ ነው እኮ..."

"ቁጭ በል አልሁህ! አሁን! በቆምህበት!"

አባቴ እንኳ እንዲያ ጮሆብኝ አያውቅም። ወዲያው ቁጭ አልሁ።

"ቤታቸው ገደሉ ነው" አለች። "የሚያድሩት ገደሉ ግድግዳ ላይ ነው። ጉም ሲወፍር ወደዚያ ነው የሚወርዱት። ጠዋት ተናግሬ ነበር።"

ቀኝ እግሬን ዘረጋሁ። ተረከዜ ሣር አገኘ፣ ከሣሩ ቀጥሎ ምንም አላገኘም። አንዲት ጠጠር ተንከባልላ ሄደች። ስትወድቅ ለመስማት ጠበቅሁ፤ ጠበቅሁ፤ አልሰማሁም። ይልቅ የጭላዳ ግልገሎች ጫጫታ መጣ። ከፊቴ አይደለም፣ ከጎኔም አይደለም፤ ከበታቼ ነው የሚመጣው። ከተቀመጥሁበት ሥር፣ ከምድር ውስጥ የሚመጣ ይመስላል።

"ትርንጎ" አልሁ፤ "ወደ ኋላ ልመለስ?"

"ኋላህ የቱ እንደሆነ ታውቃለህ?"

አሰብሁ። "አላውቅም።"

"እንግዲያው ሣሩን በሁለት እጅህ ያዝና እግርህን ሰብስብ። እኔም አልመጣም። ከተነሣሁ እነዚህም ይነሣሉ።"

"እኔ ልሂድ" የሚል የአያ ደረበ ድምፅ ተሰማ። "አገሬ ነው፤ አልስተውም።"

"ይቀመጡ አያ ደረበ።"

"ምነው ልጄ፣ አባትሽ እኮ ናቸው!"

"አባቴ ስለሆነ ነው። ይቀመጡ።"

የጠመንጃው ሰደፍ ድንጋይ ሲነካ ሰማሁ፤ ተቀመጠ። ስድሳ ዓመት በዚያ ተራራ የኖረ ሰው ለልጄ ታዘዘ። ይህን ጉም ውስጥ ሆኜ፣ በጆሮዬ ብቻ ነው ያየሁት።

ከዚያ የሆነው ረጅም መጠበቅ ነው። በየጥቂቱ "ቁጥር!" ትላለች፤ አራቱ ይመልሳሉ፤ እኔም "አምስት!" እላለሁ። በመጀመሪያ አፍሬ፣ ቀጥሎ ቶሎ ቶሎ፣ በኋላማ ተራዬ እስኪደርስ እየቸኮልሁ። "አምስት" ስል አለሁ ማለቴ ነው፤ ከዚያ በቀር ያለሁ ስለመሆኔ ማስረጃ አልነበረኝም።

"አባዬ፣ ምን ሆነህ ነው ያን ያህል የራቅኸው?"

"ተይኝ እስኪ።"

"ንገረኝ፤ አውራኝ። ዝም አትበል።"

"ሽንቴን ልሸና ነዋ! አንቺ እያለሽ አጠገብሽ ልቁም?"

ጉሙ ውስጥ መጀመሪያ መምህርቷ ፈነዳች፤ ቀጥሎ ሙሽሮቹ፤ ቀጥሎ አያ ደረበ በሌለ ጥርሱ። እኔም ሣሩን እንደያዝሁ ሳቅሁ፤ ስስቅ ደግሞ ከበታቼ ጠጠር ሲሄድ ተሰማኝና ሳቁን ዋጥሁት።

"ፈርተሻል?" አልኋት ትንሽ ቆይቼ።

"በጣም። አንተስ?"

በሕይወቴ ለልጆቼ ፈራሁ ብዬ አላውቅም። "በጣም" አልኋት።

ምን ያህል እንደቆየን አላውቅም፤ እሷ ሃምሳ ደቂቃ ነው ትላለች። እጄ ደንዝዟል፤ ቅዝቃዜው አጥንቴ ገብቷል። ድንገት ብርሃን መጣ። ከላይ መስሏችሁ እንዳይሆን፤ ብርሃኑ ከታች ነው የመጣው። ጉሙ ከእግሬ ሥር ተቀደደና ቀዳዳው ውስጥ አረንጓዴ ነገር አየሁ። ድንጋይ ላይ የሚበቅለው ሽበት መሰለኝ። አተኩሬ ሳየው ከአረንጓዴው ላይ ቀጭን ጢስ ይነሣል። ሽበት ያልሁት ጫካ ነው። ከጫካው ጎን ጥፍር የሚያህሉ ማሳዎች፣ ከማሳዎቹ መሐል የሚያብለጨልጭ የቤተ ክርስቲያን ቆርቆሮ። ሰው የሚኖርበት አገር ከጫማዬ በታች ተዘርግቷል።

ጉሙ እየተጠቀለለ ወጣ። ተራራ፣ ከተራራው ኋላ ሌላ ተራራ፣ ከዚያ ኋላ ሌላ፤ እየራቁ፣ ሰማያዊ እየሆኑ መጨረሻቸው ከሰማዩ ጋር አይለይም። ያቆማቸውን እጅ አሰብሁ። አንድ ትልቅ አሞራ ክንፉን ሳያንቀሳቅስ ከበታቼ አለፈ፤ ጀርባውን አየሁት። የሚበር አሞራን ጀርባ ከላይ አይቼ አላውቅም ነበር። ጭላዳዎቹ መዳፍ በማይሞላ የገደል ጠርዝ ላይ ተደርድረው ተቀምጠዋል። ያቺ ልጅ ያዘለችው እናት፣ ሳይጠራ የመጣ እንግዳ እንደሚታይ፣ ቀና ብላ አየችኝ።

"እግዚኦ" አልሁ። ሌላ ቃል አልመጣልኝም። "እግዚኦ፣ እግዚኦ" እያልሁ አለቀስሁ። ፈርቼ አይደለም፤ ፍርሃቱን ረስቼዋለሁ። ይህ ሁሉ በቤቴ አጠገብ ሲኖር፣ ሃያ ስድስት ዓመት ሙሉ የመኪና ፍሬን ሳገላብጥ መኖሬ ገርሞኝ ነው።

ከኋላዬ ኮቴን የያዘ እጅ ተሰማኝ። ትርንጎ በሆዷ ተስባ መጥታለች፤ አያ ደረበ ደግሞ የእሷን እግር ይዟል።

"ቀስ ብለህ በመቀመጫህ ወደ እኔ ሳብ በል" አለች።

"ትንሽ ቆይ።"

"አባዬ!"

"ትንሽ ቆይ አልሁሽ። እያየሁ ነው።"

ኮቴን እንደያዘች አጠገቤ ሆዷን አስተኝታ አብራኝ አየች። "ላሳይህ የፈለግሁት ይህንን ነበር" አለች በመጨረሻ፤ "ከዚህ ቦታ ላይ ሆነህ ግን አይደለም።"

ስንመለስ የተቀመጥሁበትን ቦታ ለካሁት። ከጠርዙ አንድ ክንድ ከስንዝር ነው።

ሚኒባሱ ጋ ስንደርስ ፀሐይ ልትጠልቅ ነበር። ልጄ በሩን ይዛ ቆመች። ፊቷ ገርጥቷል። ማታ ስንመለስ የምላትን እየጠበቀች እንደሆነ አውቃለሁ፤ የገዛ አባቷን ገደል አፋፍ ላይ ካጣችና ካገኘች በኋላ፣ ተስፋ እንደቆረጠችም ከዓይኗ አየሁ። እንግዶቹ ገብተው ተቀመጡ። እሷ በደከመ ድምፅ "ቁጥር" አለች።

"አምስት!" አልሁ።

አንድ እንኳ ገና አልተባለም። ሁሉም ሳቁ። ትርንጎ ግን አልሳቀችም፤ ፊቷን ወደ ገደሉ አዞረችና በጋቢዋ ጫፍ ዓይኗን ጠረገች። እስከ ጎንደር ስለ ቃላችን አንዲት ነገር አልተነጋገርንም። ቅጹንም ረስቼው፣ በሳምንቱ ባለቤቴ ኮቴን ስታጥብ የወረቀት ፍርፋሪ ሆኖ ከኪሴ ወጣ።

እናንተ ይህን የምታነቡ፣ በተለይ ልጅ ያሳደጋችሁ፣ ምክር ልሰጣችሁ አይደለም። እኔ ዛሬም ዕቃ ገልብጬ አያለሁ፤ ዛሬም "እስኪ ቆይ" እላለሁ። ግን አባቴ ያስተማረኝ ነገር ጠዳ ላይ አዳነኝ፤ ያው ነገር እዚያ ተራራ ላይ ሊገድለኝ ነበር። ያዳነኝ ልጄ የምታውቀውና እኔ ልሰማው ያልፈለግሁት ነው። ከዚያ ወዲህ ልጆቼ ሲያወሩ ፀጥ ብዬ እሰማለሁ። ባለቤቴ ታመመ እንዴ ብላ ጠረጠረችኝ። የእድር ጓደኛዬም ስለ ባለ ጠመንጃው እንደገና ሲያነሣብኝ፣ አያ ደረበ እንደሚባልና የልጄን እግር ይዞ እኔን እንዳወጣኝ ነገርሁት፤ ሌላ ጊዜ አላነሣውም።

አሁን ትርንጎ ቡድን ይዛ በወጣች ቁጥር ሱቄ በር ላይ ቆሜ ወደ ሰሜን አያለሁ። ደመናው ሲከብድ ስልኬን ደጋግሜ አያለሁ፤ አልዋሽም። አመሻሽ ላይ ደባርቅ ስትደርስ ትደውልልኛለች። መስመሩ ይቆራረጣል፤ ከምትለው ግማሹ አይሰማም። አንዲት ቃል ግን ሁልጊዜ ታደርሳለች።

"ቁጥር?" ትለኛለች።

ደንበኛ ፊቴ ቆሞ፣ ዕቃ በእጄ ይዤ፣ ሱቁ ሁሉ እስኪሰማ ድረስ "አምስት!" እላለሁ።